ከልጆች ጋር ጃፓን ለምትሄዱ፦ የኒንጃ ቀን እንዲህ ይዘጋጃል

ባለቤቴ ለትምህርት ኦሳካ በነበረበት ጊዜ እኔና ልጆቹ ሄደን ጥቂት ወራት አብረነው ቆየን። ወንዱ ያኔ 9 ዓመቱ ነበር፣ ሴቷ 5። ቦሌ ገና ሻንጣ ሳናስመዝን "ኒንጃ የምናየው መቼ ነው?" ብለው ጠየቁኝ። ስለ ሌላው ነገር ግድም አልነበራቸው። ከልጅ ጋር ጃፓን የሚሄድ ወላጅ ሁሉ ይህ ጥያቄ የሚቀርለት አይመስለኝም።

የመጀመሪያው ሙከራችን አልሆነም። ከተማ መሃል ያለ አንድ የኒንጃ ሥልጠና የሚሰጥ ቤት ከፍለን ሄድን፣ በር ላይ ስንደርስ ትንሿ ዕድሜዋ አልደረሰም ተባለ። ወንዱ ብቻውን ገባ። እሷ ውጭ አልቅሳ አልቅሳ እቅፌ ውስጥ ተኛች። እሱም ልብስ ለብሶ፣ ፎቶ ተነስቶ፣ ጥቂት ጊዜ የኒንጃ መወርወሪያ ኮከብ ወርውሮ ከ40 ደቂቃ በኋላ ወጣ። "አለቀ?" አለኝ። ያ "አለቀ?" እስከ ዛሬ ጆሮዬ ላይ አለ።

በሁለተኛው ጊዜ ኢጋ ወደምትባል የኒንጃ ከተማ ሄድን፣ ቀኑን ሙሉ። ልጆቹ እስካሁን የሚያወሩት ስለዚያ ቀን ነው። ስለዚህ ከዚህ በታች የምጽፈው ሁሉ በአንድ ሐሳብ ላይ የቆመ ነው፦ በየከተማው ከ30 እስከ 40 ደቂቃ የሚፈጅ ትርዒት ከማሳደድ አንድ ሙሉ ቀን ያዙና ኒንጃዎቹ በእውነት ወደኖሩበት አገር ልጆቻችሁን ውሰዱ። ቅደም ተከተሉን እነሆ።

1. ቦታውን በልጁ ዕድሜ ምረጡ

መጀመሪያ ካርታ ላይ ሳይሆን ልጃችሁ ላይ ተመልከቱ። ቆሞ ማብራሪያ ይሰማል? ወይስ መሮጥና መንጠላጠል ነው የሚፈልገው?

ኢጋ ሚኤ በሚባለው ክፍለ ግዛት ነው ያለው፣ ለኦሳካም ለናጎያም ቅርብ ነው። የኢጋ ኒንጃ ሙዚየም የሚገኘው ከኡዌኖ ግንብ አጠገብ ባለው መናፈሻ ውስጥ ነው። ምስጢራዊ በር ያለው ቤት፣ የዕቃዎች ሙዚየምና ትርዒት አንድ ላይ ስላሉት ዕድሜያቸው የተራራቁ ልጆች ላሉት ቤተሰብ እሱን ነው የምመርጠው።

ከኢጋ ተራራውን ተሻግሮ ኮካ አለ፣ ብዙ ሰው "ኮጋ" የሚለው፣ ሺጋ ክፍለ ግዛት ውስጥ። ሁለቱ ጎረቤታሞች ናቸው፤ በልብ ወለድ እንደሚወራው ደመኛ አልነበሩም፣ እንዲያውም በጋብቻና በውል የተሳሰሩ ነበሩ። ኮካ ውስጥ ሁለት ዓይነት ቦታ አለ። አንደኛው የሞቺዙኪ ቤተሰብ የኖረበት እውነተኛ ቤት ነው። ከ300 ዓመት በላይ ሆኖታል፣ ያው ከነምስጢራዊ በሩና መሰላሉ ቆሟል። ታሪክ ለሚወድ፣ ዕድሜው 8 ወይም 9 ለሞላ ልጅ ይህ ቤት ሌላ ነው። ሁለተኛው ጫካ ውስጥ ያለ የኒንጃ መንደር ነው፤ ግድግዳ መውጣት፣ በገመድ መሻገር፣ ውሃ ላይ መንሳፈፍ፣ ባጭሩ ጉልበት የተረፈው ልጅ የሚደክምበት ቦታ ነው። ውሃው ውስጥ የሚወድቅ አይጠፋምና ቅያሪ ልብስ ያዙ።

ከቶኪዮ ለምትነሱ ቶጋኩሺ አለ። ሺንካንሰን በሚባለው ፈጣን ባቡር ናጋኖ ድረስ፣ ከዚያ አንድ ሰዓት አካባቢ በአውቶቡስ ወደ ተራራው። የኒንጃ ሙዚየም፣ መውጫው የሚጠፋበት ቤት፣ ለብቻው ደግሞ ለትንንሽ ልጆች የተሠራ የኒንጃ መንደር አለው። ግን በረዶ ስለሚጥል ክረምቱን ዝግ ነው፣ የሚከፈተው በፈረንጅ አቆጣጠር ከሚያዝያ መጨረሻ እስከ ኅዳር ነው። ኒኮ አካባቢ ያለው ኤዶ ወንደርላንድ ደግሞ እ.ኤ.አ. በ1986 የተከፈተ፣ የድሮ ከተማ መስሎ የተሠራ ትልቅ መዝናኛ ነው። ልጆች የዘመኑን ልብስ ተከራይተው ቀኑን ሙሉ ለብሰው ይዞራሉ። ቤቱ ሆን ተብሎ ዘንበል ተደርጎ የተሠራ አንድ የኒንጃ ቤት አለ፣ ጭንቅላት ያዞራል፤ ሆዱ ለሚታወክ ልጅ ከምሳ በፊት ቢገባ ይሻላል።

ጊዜ ለሌለው ኦዳዋራ ይበቃዋል። ከቶኪዮ በሺንካንሰን 35 ደቂቃ አካባቢ ነው፣ ግንቡ ግቢ ውስጥ እ.ኤ.አ. በ2019 የታደሰ የኒንጃ ሙዚየም አለ። ግማሽ ቀን ይበቃል።

አንድ ማስጠንቀቂያ። ካናዛዋ ውስጥ "የኒንጃ ቤተ መቅደስ" የሚባል አለ፣ ስሙ ምዮርዩጂ ነው። ስሙን ሰምታችሁ ትንንሽ ልጆች ይዛችሁ እንዳትሄዱ። ትምህርት ቤት ያልገባ ሕፃን አያስገቡም፣ ውስጥ ፎቶ ክልክል ነው፣ ቀድሞ ቀጠሮ ያስፈልጋል፣ ማብራሪያውም በጃፓንኛ ነው። ከኒንጃ ጋርም ግንኙነት የለውም። የአካባቢው ገዢዎች ለመከላከያ ብለው በምስጢራዊ ደረጃና በወጥመድ የሞሉት ቤተ መቅደስ ነው። ለትልቅ ሰው ግሩም ነው፣ 23 ክፍልና 29 ደረጃ አለው። ለ5 ዓመት ልጅ ግን አይሆንም።

2. ከመሄዳችሁ በፊት እውነቱን ንገሯቸው

ይህን ደረጃ አትዝለሉ። የልጆቻችሁ ቀን የሚያምረው ወይም የሚበላሸው እዚህ ላይ ነው።

ልጅ ኒንጃ ሲባል የሚያስበው የሚዋጋ፣ ከጣሪያ ጣሪያ የሚበር፣ ጥቁር የለበሰ ሰው ነው። በእውነቱ ግን ኒንጃ ሰላይ ነበር። በዘመናቸው የሚጠሩት በብዛት "ሺኖቢ" ተብለው ነው፣ ትርጉሙ ወደ መሸሸግና መታገሥ ይሄዳል። ሥራቸው ሄዶ አይቶ፣ ሰምቶ፣ በሕይወት ተመልሶ መናገር ነበር። የተዋጋ ሺኖቢ ሥራው የተበላሸበት ሺኖቢ ነው ማለት ይቻላል። ልብሳቸውም መነኩሴ፣ ነጋዴ፣ ገበሬ ያስመስላቸው ነበር። ቀን በገበያ መሃል ሙሉ ጥቁር ለብሶ ፊቱን የሸፈነ ሰው ቢሄድ ማን አያየውም? ያ ጥቁር ልብስ በአብዛኛው ከመድረክ ትርዒት የመጣ ነው።

ለልጆቼ ይህን ለማስረዳት የተጠቀምኩት አኩኩሉን ነው። "አኩኩሉ!" "አልነጋም!" እየተባባሉ ቤቱን ካተራመሱ በኋላ ጠየቅኳቸው፤ አኩኩሉ ላይ የሚያሸንፈው ጠንካራው ነው ወይስ የማይሰማው? ወንዱ ወዲያው ገባው። ከዚያ ቀን ጀምሮ ሥራው በኮሪደር ላይ ድምፅ ሳያሰማ መሄድ ሆነ።

አካሄዱን እናንተም አስተምሯቸው፣ ቀላል ነው። እግርን ከፍ አድርጎ ማንሳት፣ መጀመሪያ በትንሿ ጣት በኩል ያለውን ጎን ቀስ አድርጎ ማሳረፍ፣ ወለሉ እንደማይጮኽ ሲታወቅ ከዚያ ክብደትን መልቀቅ። ይህን ቤት ውስጥ ለሳምንት የተለማመደ ልጅ እዚያ ሲደርስ አሠልጣኙ የሚያሳየውን ያውቀዋል፣ ቋንቋው ባይገባውም ኩራቱ ፊቱ ላይ ይታያል።

ታሪኩንም በአጭሩ ንገሯቸው። ኢጋ ዙሪያውን በተራራ የተከበበ አገር ነው። አንድ ትልቅ ጌታ አልነበረውም፣ ትንንሽ ባላባቶች ተስማምተው ራሳቸውን ያስተዳድሩ ነበር። እ.ኤ.አ. በ1581 ኦዳ ኖቡናጋ የሚባለው ኃያል የጦር መሪ ብዙ አስር ሺህ ጦር አዝምቶ አገሩን አቃጠለው። በዓመቱ ግን እሱ ራሱ ኪዮቶ ውስጥ በገዛ አዛዡ ተከዳና ሞተ። የኖቡናጋ ወዳጅ ቶኩጋዋ ኢየያሱ ያን ጊዜ ጥቂት ሰው ብቻ ይዞ ከአገሩ ርቆ ነበር። ጠላት ሳይደርስበት በኢጋ ተራሮች በኩል ያሻገሩት የኢጋና የኮካ ሰዎች ናቸው፣ ያስተባበራቸው የኢየያሱ የጦር ሰው ሃቶሪ ሃንዞ ነው ይባላል። ኢየያሱ ውለታውን አልረሳም፣ የኢጋ ሰዎችን የኤዶ፣ ማለትም የዛሬዋ ቶኪዮ፣ ግንብ ጠባቂ አደረጋቸው፤ እሱም እ.ኤ.አ. በ1603 ሾጉን፣ የአገሪቱ ዋና የጦር ገዢ፣ ሆነ። ዛሬ ቶኪዮ ውስጥ የንጉሠ ነገሥቱ ቤተ መንግሥት አንዱ በር "ሃንዞሞን" ይባላል፣ የሃንዞ በር ማለት ነው። በስሙ የሚጠራ የምድር ባቡር መስመርም አለ። ልጄ ቶኪዮ ስንሄድ ባቡሩ ላይ ያንን ስም ሲሰማ መቀመጫው ላይ ዘለለ።

3. ጊዜውን አስተካክሉ

ኢጋ በየዓመቱ የኒንጃ ፌስቲቫል አለው፣ በፀደይ፣ በእነሱ አቆጣጠር በሚያዝያና በግንቦት መጀመሪያ። ከተማው ውስጥ ትልቁም ትንሹም የኒንጃ ልብስ ተከራይቶ ለብሶ ነው የሚውለው። ልጅ ላለው ሰው ከዚህ የተሻለ ጊዜ የለም፣ ግን መጨረሻው ጃፓኖች ሁሉ እረፍት ወጥተው ከሚጓዙበት ሳምንት ጋር ይገጥማል። ከቻላችሁ ከዚያ ሳምንት በፊት ሂዱ። ለእኛ ደግሞ ወቅቱ ብዙ ጊዜ በዐቢይ ጾም መጨረሻና በፋሲካ ላይ ይወድቃል፣ የምግቡን ነገር ከታች እመለስበታለሁ።

የካቲት 22 በእነሱ አቆጣጠር የኒንጃ ቀን ነው። ሁለት በጃፓንኛ "ኒ" ስለሆነ 2/22 "ኒን ኒን ኒን" ይመስላል። የኢጋ ከተማም ራሷን "የኒንጃ ከተማ" ብላ ያወጀችው በዚሁ ቀን ነው፣ እ.ኤ.አ. በ2017።

ሐምሌና ነሐሴ ሙቀቱ 35 ዲግሪ ይደርሳል፣ እርጥበቱ ደግሞ የከፋ ነው። ፊት የሚሸፍን ልብስ የለበሰ ሕፃን በዚያ ሙቀት ቶሎ ይደክማል። በዚያ ወር ከሆነ ጠዋት ገብታችሁ ከሰዓት በፊት ጨርሱ።

4. ወረቀትና ቀጠሮ

የኢትዮጵያ ፓስፖርት የያዘ ሰው ቪዛ ያስፈልገዋል፣ አዲስ አበባ ካለው የጃፓን ኤምባሲ። ጊዜ ስጡት። የአሜሪካ ወይም የእስራኤል ፓስፖርት ያላችሁ ለአጭር ጉብኝት ቪዛ አያስፈልጋችሁም።

ቀጠሮ ስትይዙ ሦስት ነገር ጠይቁ፦ የልጁ ዝቅተኛ ዕድሜ ስንት ነው፣ ትርዒቱ በስንት ሰዓት ነው፣ የሚዘጉበት ቀን መቼ ነው። ስለ ዕድሜ አለመጠየቅ የሚያስከትለውን ከላይ ነግሬያችኋለሁ። በጃፓን 10 ደቂቃ ማርፈድ ማለት ቦታውን ማጣት ሊሆን ይችላል፤ 15 ደቂቃ ቀድማችሁ ድረሱ። እዚያ ይህ ከልክ ያለፈ ጥንቃቄ አይደለም፣ ሁሉም እንደዚያ ነው።

5. መንገዱ

ወደ ኢጋ ከኦሳካ ስትነሱ ጄአር በሚባለው ኩባንያ ባቡር እስከ ካሞ ትሄዳላችሁ፣ ካሞ ላይ ትንሹን የናፍጣ ባቡር ትይዙና ኢጋ-ኡዌኖ ትወርዳላችሁ። በጠቅላላው 2 ሰዓት አካባቢ ነው። ከካሞ በኋላ ያለው ባቡር በሰዓት አንድ ጊዜ ገደማ ነው የሚመጣው፣ ካመለጣችሁ ልጆች ይዛችሁ ባዶ ጣቢያ ላይ ቁጭ ማለት ነው። የመሄጃውንም የመመለሻውንም ሰዓት ቀድማችሁ ጻፉ። ከናጎያ ከሆነ በአውቶቡስ መሄድ ይቀላል።

ስልካችሁ ላይ ስትፈልጉ "ኡዌኖ" ብቻ አትበሉ። ቶኪዮ ውስጥ በጣም ትልቅ ኡዌኖ አለ፣ ወደዚያ ነው የሚልካችሁ። "ኢጋ-ኡዌኖ" በሉ።

ኢጋ-ኡዌኖ ላይ ደግሞ ወደ ኢጋ የከተማ ባቡር ትቀይራላችሁ። ልጆች መጮኽ የሚጀምሩት እዚህ ነው፤ ባቡሮቹ ፊት ለፊታቸው ላይ ትልልቅ የኒንጃ ዓይን ተስሎባቸዋል። የምትወርዱበት ጣቢያ ኡዌኖሺ ይባላል፣ እ.ኤ.አ. ከ2019 ወዲህ ግን "የኒንጃ ከተማ ጣቢያ" የሚል የቅጽል ስም ተሰጥቶታል። ከዚያ እስከ መናፈሻው በእግር 10 ደቂቃ አካባቢ ነው። መንገድ ላይ የኒንጃ አሻንጉሊትና ሥዕል ቁጠሩ በሏቸው፣ "ደከመኝ ተሸከሚኝ" አይሰማም።

በጃፓን ባቡር ዕድሜው ከ6 በታች የሆነ ልጅ ከወላጅ ጋር በነፃ ይሄዳል፣ ለአንድ አዋቂ እስከ 2 ሕፃን። ከ6 እስከ 11 ግማሽ ዋጋ ነው። በትንንሽ መስመሮችና ሱቆች ጥሬ ገንዘብ ያስፈልጋችኋልና ሳንቲም አትጡ። ሻንጣችሁን ሆቴል ትታችሁ ሂዱ።

6. ምን ይልበሱ

ካልሲ። በጣም አስፈላጊው ይህ ነው። ቤቶቹ ውስጥ ጫማ ይወልቃል፤ እኛ ቤተ ክርስቲያን ስንገባ እንደምናደርገው ነው፣ ስለዚህ ልጆቻችን ለዚህ አዲስ አይደሉም። ግን ንጹሕና ያልተቀደደ ካልሲ ይሁን፣ ጫማውም ማሰሪያ የሌለው፣ ቶሎ የሚወልቅ።

የኒንጃ ልብስ ከመልበሳቸው በፊት ሽንት ቤት ውሰዷቸው። ሱሪው በቁልፍ ሳይሆን በጨርቅ ማሰሪያ ነው የሚታሰረው፣ ከወገብ፣ ከጉልበት በታች፣ ክንዱም ላይ ማሰሪያ አለ። አንዴ ካለበሷቸው በኋላ "ሽንቴ መጣ" ከተባለ ፈትቶ እንደገና ማሰር 15 ደቂቃ ይፈጃል። ከሥር ስስ ቲሸርትና ጠባብ ሱሪ ይበቃል።

ሹሩባ የተሠራች ልጅ ካለቻችሁ ኮፍያው ከጭንቅላቷ ላይ እንዲገባ ጠፍጣፋ ሹሩባ ይሁን፣ ወደ ላይ የታሰረ አይገባም። ዶቃም አታድርጉባት። ዶቃውን ለምን እንዳልኩ አሁን እነግራችኋለሁ።

7. ቤቱ ውስጥ

የኢጋው የኒንጃ ቤት ከውጭ ሲያዩት ተራ የገበሬ ቤት ነው፣ የሣር ክዳን ያለው። ትንሽ ቡድን ሆናችሁ ትገባላችሁ፣ የኒንጃ ልብስ የለበሰ አስጎብኚ ይቀበላችኋል። ማብራሪያው ብዙ ጊዜ በጃፓንኛ ነው፣ ግን ዓይን ይበቃል። ልጆቹን ከፊት አስቀምጧቸው፣ ወለሉ ላይ ቁጭ ብለው። ከኋላ ከቆሙ ምንም አያዩም፣ ሁሉም ነገር በሰከንድ ውስጥ ነው የሚያልቀው።

እኛን ያስጎበኘችን ወጣት ሴት ነበረች። ግድግዳው ጋ ቆማ ስታወራ ስታወራ ትከሻዋን በቀስታ ግድግዳው ላይ አሳረፈች። ጧ የሚል አንድ ድምፅ። ሴትዮዋ የለችም። ግድግዳው ግን እዚያው ነው። ልጄ አፉ ተከፍቶ ቀረ። ግድግዳው መሃሉ ላይ የሚሽከረከር ነው፣ ሁለቱም ፊቱ አንድ ዓይነት ስለሆነ ዞሮ ሲቆም ምንም የተነካ አይመስልም። ከዚያ በሌላ በኩል ብቅ አለችና ወለሉ ላይ ከሳንቃዎቹ አንዷን በእግሯ ጫፍ ጫን አለቻት። ሳንቃዋ በሌላው ጫፏ ተነሳች፣ ከሥሯ ሰይፍ ተኝቷል። ሳንቃዋ ስትነሳና ሰይፉ እጇ ላይ ሲሆን ዓይናችሁን ብታርገበግቡ ያመልጣችኋል። እንደ ጌጥ የሚታይ ሰይፍ አይደለም፤ ምድጃ አጠገብ ቁጭ ብሎ የሚያወራ ሰው ጠላት በሩን ሲሰብር እጁን የሚሰድበት ነው።

ወደ ሌላው ክፍል ስንሄድ በዝምታ ተሰለፍን። ክው፣ ክው፣ ክው የሚል ድምፅ አለ። የትንሿ ሹሩባ ጫፍ ላይ ያሉት ዶቃዎች ናቸው፣ በተራመደች ቁጥር ይጋጫሉ። አስጎብኚዋ ዞር አለች፣ በርከክ ብላ ጣቷን ከንፈሯ ላይ አደረገችና ዶቃዎቹን በዓይኗ አሳየቻት፣ ከዚያ ፈገግ አለች። አንድም ቃል አልተነገረም። ልጄ ሁለቱን የሹሩባ ጫፎች በሁለት እጇ ጨብጣ፣ በትንሿ ጣቷ እየረገጠች ቤቱን ጨረሰች። ኒንጃ ምን እንደሆነ የዚያን ቀን ከሁላችንም በላይ የገባት እሷ ናት።

ሦስት ቃል አስጠኗቸው። ሲጠሩ "ሃይ!"፣ ከሥልጠና በፊት ጎንበስ ብሎ "ኦኔጋይሺማስ"፣ ሲጨርሱ "አሪጋቶ ጎዛይማስ"። አንድ ሕፃን "ሃይ!" ብሎ ጮክ ሲል አሠልጣኞቹ ፊታቸው ሲፈካ ታያላችሁ፣ ከዚያ በኋላ ለልጁ የሚሰጡት ትኩረት ሌላ ነው።

ሥልጠና ያለበት ቦታ ከሄዳችሁ መጀመሪያ የሚያስተምሯቸው ብዙ ጊዜ የጣት ምልክት ነው። ዘጠኝ ቃል አለው፦ ሪን፣ ፒዮ፣ ቶ፣ ሻ፣ ካይ፣ ጂን፣ ሬትሱ፣ ዛይ፣ ዘን። ለእያንዳንዱ ቃል ጣቶች በተለየ መንገድ ይቆላለፋሉ። ዓላማው አስማት አይደለም፣ ልብን ማረጋጋት ነው። እ.ኤ.አ. በ1676 አንድ የኢጋ ሰው ያጠናቀረው ትልቅ የሺኖቢ ጽሑፍም ስለ መሣሪያና ስለ ስለላ ከመናገሩ በፊት ሰፊ ቦታ የሚሰጠው ለቀና ልብ ነው፤ ቀና ልብ የሌለው ሰው ይህን ጥበብ ቢይዝ ሌባ ነው የሚሆነው የሚል ሐሳብ አለበት። እምነታችሁን የሚነካ መስሎ ከተሰማችሁ ልጁ ጣቱን ሳያቆላልፍ ዝም ብሎ ቢተነፍስም ማንም አይቀየምም።

8. ሹሪከን መወርወር

ሹሪከን የሚባለው የኒንጃ መወርወሪያ ኮከብ ነው፤ ለልጆች ትልቁ ነገር ይህ ነው። ብዙ ጊዜ ለብቻው ይከፈልበታል። በአንዳንድ ቦታ እውነተኛ ብረት ነው፣ ከባድና ጫፉ የሾለ፤ በሌላው ላስቲክ ነው። ለትንሽ ልጅ ላስቲኩ ይበቃል።

ካርቱን ላይ እንደሚታየው መዳፍ ላይ ደርድሮ ወደ ጎን መበተን የለም። ቀኝ እጅ የሚጠቀም ልጅ ግራ እግሩን ወደፊት ያድርግ። ሹሪከኑን አንዱን ጫፍ በጣቶቹ ይያዝ፣ እጁን ከጆሮው በላይ ያንሳና እንጨት እንደሚፈልጥ ቀጥ አድርጎ ወደ ታች ያውርድ። አንጓውን አይጠምዝዝ። የሚለቀው እጁ ዒላማው ላይ ሲያመለክት ነው። የመጀመሪያዎቹ ሁለቱ መሬት ላይ ይወድቃሉ፣ ሦስተኛው እንጨቱ ላይ ይሰካል፣ ያን ድምፅ አይረሱትም። የወደቀውን ለማንሳት ማንም እንዳይሮጥ፣ ሠራተኛው እስኪፈቅድ ይጠብቁ።

9. ግንቡና ምሳው

ከሙዚየሙ ወጥታችሁ ወደ ግንቡ ስትሄዱ የትንንሾቹን እጅ ያዙ። ቶዶ ታካቶራ የተባለው የድሮ የአካባቢው ገዢ ያስገነባው የድንጋይ ግድግዳ 30 ሜትር ገደማ ከፍታ አለው፣ በጃፓን ካሉት ረጃጅሞች አንዱ ነው፤ ጫፉ ላይ ደግሞ እንደ ልብ የሚይዝ አጥር የለም። ኒንጃ ሆኛለሁ ብሎ የሚሮጥ ልጅ ይዛችሁ እዚያ ጫፍ አትድረሱ። የእንጨቱ ግንብ ራሱ እ.ኤ.አ. በ1935 እንደገና የተሠራ ነው።

ለምሳ ኢጋ ውስጥ ዴንጋኩ ፈልጉ። ከአኩሪ አተር የሚሠራው ቶፉ በቀርከሃ እንጨት ተሰክቶ፣ ሚሶ የሚባል የአኩሪ አተር ማባያ ተቀብቶ በከሰል የሚጠበስ ነው። ሽታው ከመንገድ ይጠራል። ለጾመኛ ጥሩ ምርጫ ነው፣ ግን በጃፓን ብዙ ምግብ ውስጥ ዳሺ የሚባል የዓሣ መረቅ ይገባል፣ ሚሶው ውስጥም ሊኖር ይችላል። ዓሣ የማትበሉ ከሆነ ጠይቁ። እርግጠኛ ለመሆን ከሱቅ ኦኒጊሪ ግዙ፣ ኡሜቦሺ ያለበትን፤ ሩዝ ከኮምጣጣ ፍሬ ጋር ነው። ሥጋ ለምትበሉ የኢጋ በሬ ሥጋ ስመ ጥር ነው፣ ዋጋውም እንደዚያው።

ካታያኪ ሳትገዙ አትውጡ። የኒንጃ ስንቅ ነበር የሚባል ብስኩት ነው። እኛ በሶና ዳቦ ቆሎ ይዘን መንገድ እንደምንወጣው እነሱ ይህን ይዘው ይወጡ ነበር ይባላል። ግን ዳቦ ቆሎ ከእሱ ጎን ለስላሳ ነው። በጥርስ አይሞከርም፣ አንዳንዱ ከነትንሽ የእንጨት መዶሻው ይሸጣል። ጨርቅ ውስጥ ጠቅልላችሁ ስበሩት። ለልጅ ትንሽ ቁራሽ ስጡና አፉ ውስጥ ያሟሟው፣ አያኝከው።

10. ስትመለሱ

የብረት ሹሪከን ከገዛችሁ በእጅ ሻንጣ አይገባም፣ አውሮፕላን ማረፊያ ላይ ይወሰድባችኋል። በኪስ ይዞ ከተማ ውስጥ መዞርም ችግር ያመጣል። ለልጅ ላስቲኩን ግዙ፣ ነገሩ ሁሉ ይቀላል።

ከሹሪከን በላይ ቤት ውስጥ የቆየው ግን ሩዙ ነው። ሺኖቢዎች ሩዝ በአምስት ቀለም እየነከሩ መልእክት ይላላኩበት ነበር፦ ቀይ፣ ሰማያዊ፣ ቢጫ፣ ጥቁር፣ ሐምራዊ። መንገድ ዳር ሲጣል ሌላው ሰው ቢያየውም አይገባውም። የምግብ ቀለም በትንሽ ውሃ በጥብጣችሁ ጥሬ ሩዝ ንከሩበት፣ ወረቀት ላይ ዘርግታችሁ አድርቁ፣ በአምስት ትንንሽ ጠርሙስ አስቀምጡ። የትኛው ቀለም ምን ማለት እንደሆነ ልጆቹ ራሳቸው ይስማሙ፣ እናንተ አትጠይቁ። የእኛዎቹ አዲስ አበባ ከተመለስን በኋላ በረንዳው ላይ ይደረድሩት ነበር። ሁለት ቀይ አንድ ሰማያዊ "እማዬ ተኝታለች" ማለት እንደሆነ ያወቅኩት ከብዙ ወር በኋላ ነው፣ ያውም ትንሿ አምልጧት ስትናገር።